«አትነቃነቁ» ያላቸው የለም

ባሕር ዳር ሄጄ መመለሴን የሰማ የናዝሬት ሰው ሁሉ የሚጠይቀኝ ስለ ሐይቁ ነው። ሐይቁን አይቼዋለሁ፤ ትልቅ ነው፤ ማዶው አይታይም። ነገር ግን በዚህ ጉዞ ከሐይቁ ይልቅ አብዝቼ ያየሁት የመምህሬን የጋሽ ዘነበን ጀርባ ነው፤ ምክንያቱም ከእሳቸው ጋር በገመድ ተያይዤ ነበር የሄድኩት። ቤተሰቦቼም ጎረቤቶቼም አንድ በአንድ ከምትጠይቁኝ ብዬ የሆነውን ሁሉ ከመነሻው ጀምሬ እጽፍላችኋለሁ።

መጀመሪያ ስለ ገመዱ። አዲስ አበባ የሥነ ጥበብ ተማሪ ከሆንኩ ገና አንደኛ ዓመቴ መሆኑን ታውቃላችሁ። ጋሽ ዘነበ ሥዕል ያስተምሩናል። ትምህርት ቤታችን ከወዳጅ አገር አንድ የቪዲዮ ካሜራ በስጦታ አግኝቷል። ካሜራው ግን ብቻውን አይሠራም፤ ካሴቱ የሚገባበት መቅጃ ሣጥን አለው። ሣጥኑ እንደ ፋሲካ በግ ይከብዳል፤ ከካሜራው ጋር የሚገናኘውም በወፍራም ገመድ ነው። ካሜራውን ጋሽ ዘነበ በትከሻቸው ይይዛሉ፤ ሣጥኑን እኔ አንገቴ ላይ አንጠለጥላለሁ። እሳቸው ሲቆሙ እቆማለሁ፤ ድንገት ሲታጠፉ እኔም ሳልወድ እታጠፋለሁ።

ጋሽ ዘነበ በዚህ ካሜራ ሊሠሩ ያሰቡትን በክፍል ውስጥ ሲነግሩን እንዲህ አሉ፦ «ሰው ጊዜን አይቶት አያውቅም፤ የሚያየው ሰዓት ነው። እኔ ጊዜን ራሱን ላሳየው እፈልጋለሁ። ካሜራውን አንድ ቦታ አቆመዋለሁ። አላንቀሳቅሰውም፤ አልናገርም፤ ማንንም አላዝዝም። ካሴቱ እስኪያልቅ ድረስ በፊቱ የሚያልፈው ይለፍ።»

ከኋላ አንድ ተማሪ «ከዚያስ ምን ይሆናል?» ብሎ ጠየቀ።

«ምንም።»

 እኔ አልገባኝም ነበር፤ ግን መምህሩ እንዳይከፋቸው ብዬ እጄን አወጣሁና «በጣም ጥሩ ሐሳብ ነው» አልኩ። ለጉዞው የተመረጥኩት በዚህ ነው።

ካሜራውን በኃላፊነት የያዘው የትምህርት ቤቱ ኮሚቴ ነው። የኮሚቴው ሊቀመንበር ክፉ ሰው አይደሉም፤ ግን ጥርጣሬ ገብቷቸዋል። ለጋሽ ዘነበ ፊት ለፊት ነገሯቸው፦ «ጓድ ዘነበ፣ አንድ ጊዜ ብቻ እንፈቅድልዎታለን። ይዘው የሚመጡት ለሕዝብ የማይረባ ከሆነ ካሜራው ወደ ስብሰባ ቀረጻ ይመደባል።» ከቢሮው ስንወጣ ጋሽ ዘነበ ትከሻዬን ያዙና «ታደለ፣ ካሜራው ስብሰባ ከገባ ተመልሶ አይወጣም። ያለን አንድ ዕድል ነው» አሉኝ። ከዚያች ቀን ጀምሮ ካሜራው ሲነካ እኔን የነኩኝ ይመስለኝ ነበር።

ሰኞ

ገና ሳይነጋ ከአውቶቡስ ተራ ተነሣን። ረዳቱ ሣጥኑን ጣራ ላይ ከዶሮዎቹ ጋር ካልጫንኩ ብሎ ነበር፤ እምቢ ብለን ጭኔ ላይ አቀፍኩት። አጠገቤ የተቀመጡት ሴትዮ ወደ ቡሬ የሚሄዱ ነበሩ። ሣጥኑን እያዩ ብዙ ቆዩና «የልብስ ስፌት መኪና ነው፣ ልጄ?» አሉኝ።

ጋሽ ዘነበ ለማስረዳት የሚሰለቹ ሰው ስላልሆኑ ዘወር ብለው «አይ እናቴ፣ ጊዜን የምናይበት መሣሪያ ነው» አሏቸው።

«እሰይ! አሁን ስንት ሰዓት ይላል ታዲያ?»

ጋሽ ዘነበ የእጅ ሰዓታቸውን አይተው ነገሯቸው። ሴትዮዋም የተበላሸ መስሏቸው አዘኑና ሁለታችንንም ቆሎ ዘገኑልን።

ዓባይ በረሃ ስንወርድ ሙቀቱ የናዝሬትን ግንቦት አስታወሰኝ፤ ብቸኛው ልዩነት የናዝሬት ሙቀት ከአቧራ ጋር መምጣቱ ነው። ከድልድዩ በኋላ ኬላ አለ። ሁላችንም ወርደን ተሰለፍን። ፈታሹ ወታደር ወደ እኛ ሲደርስ ገመዱን ከእኔ አንገት እስከ ጋሽ ዘነበ ትከሻ በዓይኑ ተከትሎ፣ «ከሁለታችሁ እስረኛው የትኛው ነው?» አለ።

«እኔ ነኝ» አልኩ። መምህሬ ፊት ሌላ መልስ መስጠት ተገቢ አልመሰለኝም።

ነገሩ እስኪጣራ ጥቂት ጊዜ ወሰደ። ወታደሩ በካሜራው መመልከቻ አሻግሮ ጓደኛውን አየና ደነገጠ። በመመልከቻው የሚታየው ጥቁርና ነጭ ነውና።

«ቀለሙንስ?»

«ውስጥ አለ፤ በኋላ ይወጣል» አሉ ጋሽ ዘነበ።

«እንግዲያው እስኪወጣ ጠብቁ።»

ፀሐይ ላይ ቆመን ስንጠብቅ አሥር አለቃው መጣ፤ የይለፍ ወረቀታችንን አነበበ፤ ሣጥኑን አንሥቶ ክብደቱን ሞከረና «ይህን ተሸክሞ የሚሸሽ ሰው የለም» ብሎ አሳለፈን። የአውቶቡሱ ሰው አንድም አላጉረመረመም። እንዲያውም ሴትዮዋ ከእስር የተፈታሁ ያህል «እንኳን ለዚህ አበቃህ» ብለው ተቀበሉኝ።

ደብረ ማርቆስ አደርን። እናንተ ብርድ ልብስ የምታወጡት ለእንግዳ ክብር ነው፤ እዚያ ለነፍስ ነው። የተሰጠን ክፍል አንድ አልጋ ብቻ ነበረው። እኔ መሬት እተኛለሁ ብዬ መምህሬ አልጋው ላይ እንዲወጡ ለመንኳቸው። እሳቸው ግን ብርዱ ካሜራውን እንዳይጎዳው ብለው አልጋው ላይ አስተኙት፤ ብርድ ልብሱንም አለበሱት። ጠዋት የመኝታ ቤቷ ባለቤት ገብታ ሁለታችን መሬት ላይ ተቃቅፈን፣ አልጋው ላይ ሌላ ሰው ተሸፋፍኖ ስታይ፣ «በሽተኛ ይዛችኋል እንዴ?» ብላ ደነገጠች። ሁሉን ስንነግራት ሳቀች፤ ሆኖም ትኩስ አጃ አፍልታ አመጣችልንና ለብርዱ ብላ ቅቤ ጠብ አደረገችበት።

ማክሰኞ

ከቡሬ ወዲያ አገሩ ሁሉ አረንጓዴ ነው። እኛ ዘንድ በጥቅምት መሬቱ መሰነጣጠቅ ይጀምራል፤ እዚህ ሜዳው ገና ውኃ እንደጠጣ ነው። ባሕር ዳር ከሰዓት በኋላ ደረስን። ናዝሬት ጋሪ እንዳለው ሁሉ ባሕር ዳር ብስክሌት አለው። ሠራተኛው፣ ተማሪው፣ ቄሱ ሳይቀር በብስክሌት ነው። መንገዱ ቀጥ ያለ ነው፤ ግራና ቀኙ ዘንባባ ነው። እኔና ጋሽ ዘነበ በገመድ ተያይዘን መንገድ ስንሻገር አንድ ብስክሌት ነጂ መካከላችን ሊያልፍ ሞከረ። ከወደቀበት ተነሥቶ ይቅርታ የጠየቀን እሱ ነው። የባሕር ዳርን ሰው ትሕትና ያወቅሁት ያኔ ነው።

ያረፍነው የጋሽ ዘነበ ዘመድ የሆኑት እትዬ እታገኝ ቤት ነው። ባለቤታቸው አቶ ሙላት የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ሠራተኛ ናቸው። ለራት ትኩስ የዓሣ ወጥ ቀረበ። እኛ የቆቃን ዓሣ ስንበላ እሾሁን የሚለቅምልን ሰው የለም። እዚህ እትዬ እታገኝ ራሳቸው እየለቀሙ አጎረሱኝ። እምቢ ስል «ዓሣ የማያውቅ ልጅ ነው፣ ይታነቅብኛል» አሉ። ስምንት እህቶቼና ወንድሞቼ ፊት ቢሆን ኖሮ አፍር ነበር፤ ግን ማንም አላየኝምና ጠግቤ በላሁ።

ረቡዕ

ጋሽ ዘነበ ካሜራውን ለመፈተሽ እትዬ እታገኝ ግቢ ውስጥ አቆሙት። አሳባቸው ግቢው እንደ ወትሮው ሲውል ለጥቂት ጊዜ መቅረጽ ነበር። እትዬ እታገኝ ልብስ እያሰጡ ነበር። ካሜራውን ሲያዩ ባልዲውን ጣል አድርገው ወደ ቤት ሮጡ። ሲወጡ ነጠላቸውን ለብሰው፣ ሦስት ልጆቻቸውን ፀጉራቸውን አርሰው በቁመት አሰልፈው ነው። ከሥራ የተመለሱት አቶ ሙላትም ብስክሌታቸውን ግድግዳ ላይ አስደግፈው መካከል ገቡ። ከዚያ ሁሉም ደርቀው ቆሙ።

ጋሽ ዘነበ በቀረጻ ጊዜ አይናገሩም።  በመጨረሻ ትንሿ ልጅ ፊቷ ቀልቶ «እማ፣ ትንፋሼ አለቀ» አለች።

«ቻይው!» አሉ እትዬ እታገኝ ከንፈራቸውን ሳያላውሱ፤ «ገና ‹በቃ› አላሉም።»

ለካ በየዓመቱ በጥምቀት ወደ ከተማውና በሐይቁ ዳር ወዳሉት መንደሮች የሚመጣ ባለ ሣጥን ፎቶ አንሺ አለ። እሱ ጥቁር ጨርቅ ተከናንቦ ሣጥኑ ውስጥ ይገባል፤ ወጥቶ «በቃ!» እስኪል ድረስ መንቀሳቀስ ፎቶውን ማበላሸት ነው። ተንቀሳቅሶ ያበላሸ ሰው ዓመቱን ሙሉ ይወቀሳል። አቶ ሙላት በአንድ ፎቶ ላይ ሁለት ራስ አላቸው፤ ሳሎን የተሰቀለውን አሳዩን። «ዝንብ ነው ያስደነገጠኝ» አሉ በሐዘን።

ጋሽ ዘነበ ግን አልተጨነቁም። «ይህ ቤተሰብ ነው፤ ነገ የምንሄድበት ወደብ ላይ ሥራ ያለው ሰው ማን ቆሞ ያየናል?» አሉኝ። እኔ ግን ጥንቁቅ ነኝና ነገሩን ልቤ ላይ ያዝኩት።

ሐሙስ

ወደ ዘጌ በጀልባ ሄድን። ጋሽ ዘነበ የመረጡት ቦታ ዘጌ ነው፤ ለቅዳሜ ገበያ እንጨት የሚጭኑ፣ ከሐይቅ ቄጠማ የሚሠሩ የደንገል ታንኳዎች ዓርብ ጠዋት የሚነሡበት ወደብ። ጀልባ ላይ ስወጣ የመጀመሪያዬ ነው። ናዝሬት ውኃ ሲበዛ ጎርፍ ነው የምንለው፤ ሰው ወዶ አይሄድበትም። ገና ሳንርቅ ያስመልሰኝ ጀመር። ገመዱ አጭር ስለሆነ እኔ ወደ ጀልባው ጠርዝ ስሮጥ ጋሽ ዘነበም ካሜራቸውን እንዳቀፉ አብረውኝ ሮጡ። ከጎናችን የተቀመጠች የዘጌ ሴት ሎሚ ቆርጣ አፍንጫዬ ሥር ያዘችልኝና እስክንወርድ አልለቀቀችኝም። «የት ነው አገርህ?» አለችኝ። «ናዝሬት» ስላት «አይ፣ ከኢየሩሳሌም ወዲያ ያለው?» ብላ እንደ ተሳላሚ በአክብሮት አየችኝ። ለማረም አቅሙ አልነበረኝም።

ባትሪያችን የሚሞላው ባሕር ዳር ብቻ ነው፤ ዘጌ መብራት የለም። የሞላነው አንዱን ካሴት ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ለመቅረጽ ብቻ ይበቃል። ሁለተኛ ሙከራ የለም ማለት ነው። ስለዚህ እንደደረስን የአካባቢው ሰው የሚሰማቸውን መሪጌታ ቢተውን ፈልጌ አገኘሁ። መሪጌታ ሽማግሌ ናቸው፤ ቀጭን፣ ረጅም፤ ሲናገሩ ዓይናቸውን ይጨፍናሉ። እጅ ነሥቼ የመጣንበትን ነገርኳቸው። «ይህ ግን እንደ ፎቶ አይደለም፣ መሪጌታ። የሚንቀሳቀስ ነው» አልኳቸው።

ዓይናቸውን ጨፈኑ። «የሚንቀሳቀስ?»

«አዎን። ስለዚህ ሰዎቹ ይህን እንዲያውቁ እፈልጋለሁ።»

«ገባኝ ልጄ። የሚንቀሳቀስ ከሆነማ ብርቱ ጥንቃቄ ይፈልጋል። አንተ አትድከም፤ ለሕዝቡ እኔው ራሴ እነግራለሁ።»

ተደስቼ ሄጄ ለጋሽ ዘነበ «ሁሉን አስተካክያለሁ» አልኳቸው። ያን ቀን መሪጌታ ቤት አደርን። ባለቤታቸው እማማ ትጓደድ የሚበላው አልበቃ ብሎን እንደሆነ ሦስት ጊዜ ጠየቁን። ጋሽ ዘነበ መብላት ሲያቆሙ «አዬ፣ አልጣፈጠው» ብለው ስላዘኑ፣ ጋሽ ዘነበ እያቃሰቱ እንደገና ቀረቡ።

ዓርብ

ጠዋት ካሜራውን ከትልቅ የዋርካ ዛፍ ሥር በሦስት እግሩ አቆምነው። ጋሽ ዘነበ የውኃውን ድምፅ ስለፈለጉ ማይክሮፎኑን በረጅም ሽቦ ወስጄ ከወደቡ ድንጋዮች መካከል አኖርኩት። የጆሮ ማዳመጫው እኔ ጆሮ ላይ ነው። ወደቡ ሥራ ላይ ነበር፤ አንዱ እንጨት ይሸከማል፣ ሌላው ታንኳ ይስባል፣ ሴቶች ሎሚና ጌሾ ይደረድራሉ። ጋሽ ዘነበ በደስታ እጃቸውን አፋተጉ። «ይኸው ጊዜ!» አሉና የመቅጃውን ቁልፍ እንድጫን ራሳቸውን ነቅንቀው ምልክት ሰጡኝ። ተጫንኩት።

ያን ጊዜ መሪጌታ ቢተው ጃንጥላቸውን ዘርግተው፣ መቋሚያቸውን ይዘው ከቤተ ክርስቲያኑ መንገድ ብቅ አሉ። ካሜራውን አዩ። ከታንኳዎቹ ፊት መጥተው ቀጥ ብለው ቆሙ። ወደ ሕዝቡም አንዴ ዞር ብለው ተመለከቱ።

ወደቡ ቆመ።

እንጨት የተሸከመው እንደተሸከመ፣ ታንኳ የሚስበው ገመዱን እንደያዘ፣ ሎሚ የምታነሣው ሎሚዋን እንዳነሣች፣ ሁሉም ፊቱን ወደ እኛ አዙሮ ደረቀ። የሚንቀሳቀስ አንድ አህያ ብቻ ነበር፤ እሱንም አንድ ልጅ በሁለት እጁ ራሱን ይዞ አስቆመው።

ጋሽ ዘነበ ዓይናቸውን ከመመልከቻው አነሡ፤ መልሰው አኖሩ።  እንዳይናገሩ ድምፁ ይገባል፤ እንዳያቆሙ ባትሪው አንድ ነው። እኔ ሄጄ ለሰዎቹ በጆሯቸው እንዳልነግራቸው በገመድ ታስሬያለሁ። ያለኝ መፍትሔ የጥምቀቱ ፎቶ አንሺ አንዲት ቃል ነበረች፤ እሷን ብናገር ደግሞ ቀረጻው ይበላሻል። 

ጥቂት ቆይቶ በጆሮ ማዳመጫው ውስጥ ድምፅ ሰማሁ። ሰዎቹን አየሁ፤ የማንም ከንፈር አይንቀሳቀስም።

«ሙሉ፣ አፍንጫሽ ላይ ዝንብ አለ።»

«አውቃለሁ።»

«እሽ አትይውም?»

«ተይው፣ እሱም ፎቶ ይነሣ።»

ሌላ የወፈረ ድምፅ ደግሞ «መሪጌታ፣ እንጨቱን ላውርደው? ትከሻዬ ተላጠ» አለ። እንጨት የተሸከሙት አያ ተካ ናቸው።

«ተወው» አሉ መሪጌታ ጃንጥላቸው ሥር እንደ ሐውልት እንደቆሙ። «ያለ እንጨት ማን ያውቅሃል?»

«ልክ ነዎ።»

«ሰውዬው እንቅልፍ ወስዶት ይሆን? ከገባ አልወጣም» አለች አንዷ።

«ትልቅ ካሜራ ነው። ትልቅ ድስት ቶሎ አይፈላም።»

«ያ ታስሮ የተቀመጠው ልጅ ምን አድርጎ ነው?»

«ናዝሬት ተሳልሞ የመጣ ነው አሉ።»

«እና ታሰረ? ወይ ጊዜ!»

ሳቄ መጣ፤ እጄን ነከስኩ። ከዚያ በኋላ ተጫወቱ። የማን ልጅ ማንን እንደሚያገባ፣ ያለፈው ዓመት ፎቶ ላይ ማን ዓይኑን እንደጨፈነ፣ የአያ ተካ አህያ ከአያ ተካ በትዕግሥት እንደሚበልጥ፤ ሁሉን ከንፈር ሳያላውሱ። ጋሽ ዘነበ ግን ማዳመጫ የላቸውም። የሚያዩት እንደ ድንጋይ የቆመ ሕዝብ ብቻ ነው።

ካሴቱ አልቆ መቅጃው ቀጭ አለ። ጋሽ ዘነበ ካሜራውን ከሦስት እግሩ ነቅለው አቀፉት፤ ሄደው ጉቶ ላይ ተቀመጡ፤ ሣጥኑን እየጎተትኩ ተከተልኳቸው። የወደቡ ሰው እንደቆመ ነው። ባየሁ ጊዜ አዘንኩና «በቃ!» ብዬ ጮህኩ። አያ ተካ እንጨታቸውን በጩኸት ጣሉት፤ ሙሉ ዝንቧን መታች፤ መንደሩ በአንድ ላይ ተነፈሰ።

መሪጌታ ጋሽ ዘነበን ሲያዩ ደነገጡ። ጎንበስ ብለው «ማን ተነቃነቀብዎ? ስሙን ብቻ ይንገሩኝ» አሉ።

«ማንም አልተነቃነቀም» አሉ ጋሽ ዘነበ በቀጭን ድምፅ። «ችግሩ እሱ ነው። መንቀሳቀስ ነበረባችሁ። ልጁ የሚንቀሳቀስ ነው ብሎ አልነገረዎትም?»

«ነግሮኛል እንጂ! ያ የጥምቀቱ ሰውዬ ካሜራው ሳይንቀሳቀስ እኛ ብንነቃነቅ ይደበዝዛል። የእናንተው ጭራሽ ራሱ የሚንቀሳቀስ ከሆነ፣ እኛ እጥፍ መጽናት የለብንም? እኔ ይህንኑ ነው ያስጠነቀቅሁ።» ትንሽ አሰቡና «እንደገና እንቁም?» አሉ።

ባትሪው ማለቁን ነገርናቸው። በዚህ ሁሉ ደግሞ መንደሩ የእንጨት ጭነቱን ለእኛ ብሎ አዘግይቶ ነበር። ማንም አልወቀሰንም። እማማ ትጓደድ ጋሽ ዘነበ ምሳ አልበላም ማለታቸውን ሰምተው ወደቡ ድረስ ሽሮውን ይዘው መጡ። «ያልተነሣ ፎቶ ይነሣል፤ ያልተበላ ምሳ አይመለስም» አሏቸው። ጋሽ ዘነበ በሉ።

ቅዳሜና እሑድ

ስለ መመለሱ ብዙ የምጽፈው የለኝም። ጋሽ ዘነበ ሲናገሩ የነበረው «አዎ» እና «አይ» ብቻ ነው። እትዬ እታገኝ ለመንገድ የደረቀ ዓሣ ጠቅልለው ሰጡን፤ ከዳንግላ ጀምሮ አውቶቡሱ በሙሉ ስለ ዓሣው ያወራ ነበር። ደፍሬ ሰዎቹ ይነጋገሩ እንደነበር ለጋሽ ዘነበ ነገርኳቸው። «የውኃ ድምፅ ነበር የፈለግሁት፣ ታደለ፤ ሐሜት አይደለም» አሉና መስኮቱን ተደገፉ። ኬላው ላይ ያ ወታደር አወቀን። «ቀለሙ ወጣ?» ሲለን ጋሽ ዘነበ «የወጣው ነፍሴ ነው» አሉት።

ኮሚቴው ፊት

ኮሚቴው ቪዲዮውን ለማየት በስብሰባ አዳራሹ ቴሌቪዥን ፊት ተቀመጠ። ጋሽ ዘነበ ከኋላ ቆመው የካሜራውን ሽፋን በእጃቸው ይደባብሱ ነበር፤ እንደሚሰናበቱት። እኔ ቁልፉን ተጫንኩ።

ዘጌ መጣ። ቆመ።

የኮሚቴው ሊቀመንበር ጥቂት ታገሡና ተነሥተው ቴሌቪዥኑን በመዳፋቸው መቱት። «ካሴቱ ተቀርቅሯል» አሉ።

«አልተቀረቀረም፣ ጓድ ሊቀመንበር። ውኃውን ይዩት» አልኩ። ከሰዎቹ በስተጀርባ ሐይቁ ይወዛወዝ ነበር።

ያን ጊዜ ነው «ሙሉ፣ አፍንጫሽ ላይ ዝንብ አለ» የሚለው የተሰማው።

«ማነው የተናገረው?» ሊቀመንበሩ ወንበራቸውን ሳቡ። «ማንም አፉን አልከፈተም እኮ!»

«ያቺ ሎሚ የያዘችው ናት» አለ አንዱ አባል።

«አይደለችም፤ ከኋላዋ ያለችው ናት፤ ጉሮሮዋን እይ።»

«ጓዶች፣ ጸጥታ! አይሰማም!» አሉ ሊቀመንበሩ።

ከዚያ በኋላ ማንም ከወንበሩ አልተነሣም። ከሰዎቹ መካከል ማን እንደተናገረ ለማወቅ ሁሉም ፊቱን ወደ ቴሌቪዥኑ አስጠጋ። አይቶ ሲሰለች ሌላ ቦታ ያያል። የመሪጌታን ነጠላ ነፋስ ሲነካው አዩ። የአያ ተካ ጉልበት ቀስ በቀስ ሲታጠፍ አዩ። ድንገት ሊቀመንበሩ ጣታቸውን ቀሰሩ፦ «ጥላው! የዛፉ ጥላ ቅድም ድንጋዩ ጋ ነበር፤ አሁን የቄሱ እግር ላይ ወጣ! መቼ ሄደ? ማን አየው?»

ማንም አላየውም። ዓይናቸው እያየ ነው ያለፋቸው።

ዞሬ ጋሽ ዘነበን አየኋቸው። የካሜራውን ሽፋን መደባበስ አቁመው ነበር።

ካሴቱ ሲያልቅ ሊቀመንበሩ ላባቸውን ጠረጉና ተነሡ። «ጓድ ዘነበ፣ በብዙ ስብሰባ ላይ ተገኝቻለሁ። ይህን ያህል ሕዝብ ያለ ትእዛዝ፣ ያለ ጥበቃ፣ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ቦታውን ሳይለቅ ሲቆም አይቼ አላውቅም። ካሜራው ከእርስዎ እጅ አይወጣም።»

ጋሽ ዘነበ እጅ ነሡ። እኔ በደስታ እንባዬ መጣ።

«እንዲያውም» ቀጠሉ ሊቀመንበሩ፣ «ከእንግዲህ ስብሰባዎቻችንን የሚቀርጹት እርስዎ ራስዎ ነዎት።»

ስንወጣ ጋሽ ዘነበ ካሜራውን አቅፈው ቀድመውኝ ሄዱ። እኔም ሣጥኑን አጥብቄ ይዤ ተከተልኳቸው። የፈሩት ሁሉ ደርሷል፤ በዚያ ላይ እሳቸውም ተጨምረውበታል።

የመጀመሪያው ስብሰባ ባለፈው ሳምንት ነበር። ጋሽ ዘነበ ካሜራውን መድረኩ ፊት እንዲያቆሙ ተነግሯቸው ነበር፤ ቦታው ግን አልተመቻቸውምና ከአዳራሹ ጥግ አቆሙት፤ ከዚያ የሚታየው ተናጋሪው ብቻ ሳይሆን ተሰብሳቢውም ነው። ቁልፉን ተጫንኩ። ንግግሩ ተጀመረ። ለረጅም ጊዜ ጋሽ ዘነበ ትከሻቸውን አጉብጠው መመልከቻው ላይ ነበሩ። ከዚያ ቀና ሲሉ አየሁ። ገመዱን ሳብ አድርገው ጠሩኝና መመልከቻውን ለቀቁልኝ።

አየሁ። በሦስተኛው ረድፍ የአንድ ሰው አገጭ ወደ ደረቱ ይወርድ ነበር፤ ሲወርድ ግን አይታይም፤ ወርዶ ነው የሚታየው። ከጎኑ ያለችው ሴት ዓይኗ ተከፍቷል፤ እሷ ግን እዚያ የለችም። የመስኮቱ ብርሃን ከአንዱ ወንበር ወደ ሌላው ወንበር ተሻግሯል።

የአዳራሹ አስተናባሪ በርኅራኄ ወደ ጋሽ ዘነበ ጠጋ አለና በሹክሹክታ «ጓድ፣ ስብሰባው ዛሬ ሳይረዝም አይቀርም። ቆመው ደከምዎ፤ ወንበር ላምጣልዎ?» አላቸው።

ጋሽ ዘነበ ወደ መመልከቻው ተመልሰው ነበር። ዓይናቸውን ሳያነሡ፣ «ይርዘም፣ ልጄ» አሉት። «ይርዘም።»